ሳይጠሩት «አቤት» የሚል ስልክ

ዛሬ ፖለቲካ የለም። ስለ ታክሲ ሥራ መቀዝቀዝም አላማርርም፣ እሱን በየሳምንቱ ሰምታችሁኛል። የዛሬው በኪሳችሁ ስላለው ስልክ ነው። ይረዝማል፣ ስለዚህ ቡና ያፈላ ቡናውን ይዞ ይቀመጥ። እኔ እንደተለመደው ሬገን ኤርፖርት የታክሲ ተራ ላይ ነኝ፤ ከፊቴ ሠላሳ ምናምን መኪና አለ፣ ጊዜ አለኝ።

ባለፈው ወር አንድ ማክሰኞ ማታ ከዚሁ ኤርፖርት አንድ አዛውንት አሜሪካዊ ጭኜ ቤተስዳ አደረስኩ። ሂሳባቸው 46 ዶላር ነው። የመኪናዬ የካርድ ማሽን ከተበላሸ ሳምንት ሆኖት ስለነበር ክፍያ የምቀበለው በስልኬ ነው። ስልኬን አወጣሁ፣ የክፍያውን አፕ ነካሁ፣ ዝም። ደግሜ ነካሁ፣ ዝም። ቆይቶ «ቦታ ሞልቷል» የሚል ጽሑፍ አመጣና ጭራሽ ደረቀ። አጠፋሁት፣ አበራሁት፤ ሲበራ ደግሞ አንድ የማላውቀውን ነገር ማውረድ ጀመረ። ሰውየው ጨዋ ናቸው፣ በትዕግሥት ጠበቁኝ፤ በመጨረሻ ቦርሳቸውን አራግፈው ያገኙትን 30 ዶላር ሰጡኝና ይቅርታ እየጠየቁ ወረዱ። ይቅርታ መጠየቅ የነበረብኝ እኔ ነበርኩ። 16 ዶላሬ እዚያው በራቸው ላይ ቀረ።

መኪናዬን ጥግ አስይዤ ስልኬን ማገላበጥ ጀመርኩ። ምን ባገኝ ጥሩ ነው? አንድ ከረሜላ የሚያፈነዳ ጌም። አንድ የቁማር ማሽን የሚመስል ጌም። አንድ የዕቃ መሸጫ፣ አንድ የአየር ሁኔታ ነጋሪ፣ አንድ ደግሞ እስካሁን ምን እንደሚሠራ ያልገባኝ ነገር። እኔ በሕይወቴ ስልክ ላይ ጌም ተጫውቼ አላውቅም። ዳማ እጫወታለሁ፣ እሱንም በቆርኪ።

ሁሉንም አጠፋሁ። በሁለተኛው ሳምንት ተመልሰው መጡ፣ ያውም ጓደኞቻቸውን አስከትለው።

እዚህ ተራ ላይ ለጓደኞቼ ሳወራ አንድ ታላቃችን «እኔም ጋ አለ!» ብለው ጮኹ። እኚህ ሰው ከሁላችንም በፊት የመጡ፣ ዲሲን ያለ ካርታ የሚነዱ ናቸው። ያላወረዱት ነገር ስልካቸው ላይ ሲመጣባቸው «የሚከታተለኝ አካል አለ» ብለው ደምድመዋል። ስለ ሀገር ጉዳይ ማውራት ሲፈልጉ ስልካቸውን ትራንክ ውስጥ ቆልፈውበት ነው የሚመጡት። «ጋሼ፣ እርስዎን የሚሰልል ሰው የከረሜላ ጌም ምን ያደርግለታል?» ብንላቸው «ብልጠቱ እሱ ነዋ!» አሉን።

ምስጢሩን የፈታልን ማታ ማታ ኮሌጅ የሚማር አንድ ወጣት ሾፌር ነው። «ጋሼ፣ ማውረድ ሲጀምር ከላይ የሚመጣውን መልእክት አይጥረጉት፤ ጣትዎን ጫን አድርገው ይያዙበት። ማን እንደላከው ይነግርዎታል» አለኝ። (እኔም ጋሼ ሆኛለሁ ለካ።) እውነትም ነገረኝ። ላኪው ስልኩ ሲሸጥልኝ አብሮ ተጭኖ የመጣ፣ አንድም ቀን ከፍቼው የማላውቅ፣ ምልክቱ እንኳ ከሌሎቹ ጋር ተደርድሮ የማይታይ የስልክ ኩባንያው አፕ ነው። ሥራውም አንድ ብቻ ነው፤ ባለቤቱን ሳይጠይቅ ሌሎች አፖችን እያወረደ ማስገባት።

ለምን ይህን ያደርጋል? ነገሩ ንግድ ነው። ጌም ሠሪው አፑ አዲስ ስልክ ላይ በተጫነ ቁጥር ይከፍላል። ገንዘቡን የሚቀበለው በሩን የከፈተለት ነው፤ ስልኩን የሸጠው ኩባንያ፣ ስልኩን የሠራው ወይም በመካከል ያለው ደላላ። ደላላን እኛ አበሾች በደንብ እናውቀዋለን። ግን የእኛ ደላላ እንኳን ተከራይ ይዞ ሲመጣ በር ያንኳኳል፣ «ቤቶች!» ይላል፣ ባለቤቱን ያናግራል። ይኼኛው ማታ ተኝተህ ሳለ ተከራዩን አስገብቶ፣ ኪራዩን ተቀብሎ፣ መብራቱን በአንተ ቆጣሪ ያስቆጥራል። አባቶቻችን «ሳይጠሩት አቤት፣ ሳይልኩት ወዴት» ያሉት ለእንዲህ ዓይነቱ ነው። «ከባለቤቱ በላይ ያወቀ ቡዳ ነው» የሚለውንም ብጨምርበት አላጋነንኩም።

ስልኩን የገዛሁበት ሱቅ ሄጄ ነበር። ወጣቱ ሻጭ ትከሻውን ሰበቀና «ሲገዙ ተስማምተዋል፣ ደግሞም ነፃ ነው፣ ካልፈለጉ ያጥፉት» አለኝ። ተስማምተሃል የሚለው ያንን ማለቂያ የሌለው ጽሑፍ ሳላነብ «እስማማለሁ» የሚለውን ስለነካሁ ነው። እኔ ለዜግነት ፈተና 100 ጥያቄ ከነመልሱ በቃሌ ያጠናሁ ሰው ነኝ፤ ያንን ውል ግን አላነበብኩም፣ እሱም አላነበበውም፣ እናንተም አላነበባችሁትም። ሁላችንም እንደማናነበው የሚያውቅ ሰው የጻፈውን ወረቀት ስምምነት ነው ብዬ ልቀበለው አልችልም።

«ነፃ ነው» የሚለው ግን ነው ያናደደኝ። ለምን እንዳናደደኝ ላውራችሁ።

የዛሬ ዓመት ገደማ፣ ለፋሲካ ሀገር ቤት በሚሄድ ሰው እጅ ለእናቴ ስልክ ልኬ ነበር። ስልኩ የኔ የድሮው ነው፤ ከዚሁ ኩባንያ የገዛሁት፣ በሌላ ሲም እንዲሠራ አስከፍቼው የላክሁት። እናቴ ደብረ ብርሃን ናት። በየወሩ ከዚህ ሆኜ የኢትዮ ቴሌኮም ዳታ እሞላላታለሁ። ዳታው ግን ወሩ ሳይጋመስ ያልቃል። እናቴ ዳታ ምን እንደሆነ አታውቅም፣ «ልጄ፣ ስልኩ ካርዱን በላው» ነው የምትለኝ። ሁለት ጊዜ ደግሜ ሞላሁ። በሦስተኛው እህቴ ስልኩን አየት አድርጋ «ኧረ ይሄ ጌም ሞልቶበታል» አለችኝ።

ከእናቴ ጋር የሚኖረው የእህቴ ልጅ 14 ዓመቱ ነው። ሌላ ማንን ልጠርጥር? ደወልኩለት። «አጎቴ፣ እኔ አላወረድኩም፣ ራሱ ነው የሚያወርደው» አለኝ። ራሱ ነው! ይህን ስሰማ ደሜ ፈላ። «ስልክ እጅና እግር አለው እንዴ? እኔ ሌሊት እየነዳሁ የማገኘውን በጌም ታቃጥለዋለህ? ሁለተኛ እንዳትነካው» አልኩት። ሌላም ብዙ አልኩት፣ እዚህ አልጽፈውም።

ልጁ ቃሌን አከበረ። ስልኩን አልነካም። ግን ቪዲዮ ከፍቶ ስልኩን ሻይ ብርጭቆ ላይ አስደግፎ እናቴ ፊት የሚያቆመው እሱ ነበር። ከዚያ በኋላ አራት ወር ሙሉ የእናቴን ፊት አላየሁም። በድምፅ እንገናኛለን፣ «ደህና ነሽ?» «ደህና ነኝ» እንባባላለን፣ ያው ነው። «ልጁን ምን ብለኸው ነው?» ብላ አልጠየቀችኝም። እናቴ እንደዚያ ናት።

እንግዲህ አስቡት። ወጣቱ ሾፌር እኔ ስልክ ላይ ያሳየኝ አፕ እናቴ ስልክ ላይም አለ። ከኔ እጅ ነው የሄደው። ሌባውን ሻንጣ ውስጥ አስጭኜ ልኬ፣ ቤት ያለውን ልጅ ሌባ አልኩት። ያን ሌሊት እንቅልፍ የነሳኝ 16 ዶላሩ አልነበረም።

ሌላም የሚያሳስበኝ አለ። እናቴ ቴሌብር የምትቀበለው በዚሁ ስልክ ነው። ብዙዎቻችሁም እናቶቻችሁ እንደዚያው ናቸው። ስልክ ላይ ራሱ የሚበቅል ነገር የለመደ ሰው፣ ነገ ትክክለኛው ሌባ ሲመጣ «ያው ኩባንያው ያወረደው ነው» ብሎ ያልፈዋል። ቴሌግራም ላይ «ይህን ጫኑና ሽልማት ውሰዱ» እየተባለ የሚላከውን ፋይል አይታችኋል። ጉዳቱ የዳታ ብቻ አይደለም የምለው ለዚህ ነው፤ ያልጠሩትን እንግዳ ዝም ብሎ ማስተናገድ ልማድ ይሆናል።

ይህ ነገር በእኛ የተጀመረ እንዳይመስላችሁ። በፈረንጆቹ መስከረም 9 ቀን 2014 (በእኛ ጳጉሜን 4 ቀን 2006፣ እንቁጣጣሽ ሁለት ቀን ሲቀረው) አፕል ዩቱ የሚባለውን የአየርላንድ የሙዚቃ ቡድን አዲስ አልበም «ስጦታ ነው» ብሎ ወደ 500 ሚሊዮን በሚጠጋ ሰው አካውንት ውስጥ አስገባው። አውቶማቲክ ማውረጃው ክፍት የነበረበት ሰው ስልኩን ሲከፍት ዘፈኑ ወርዶ ቁጭ ብሏል። እኔ ያን ሰሞን መኪናዬ ውስጥ የጫንኳት አንዲት ልጅ «እነዚህን ሰዎች ማን ጠራቸው?» እያለች ስትበሳጭ ሰምቼ በልቤ ስቄባት ነበር፤ ነፃ ዘፈን ተሰጥቶሽ ትቆጫለሽ እንዴ ብዬ። አሁን ገባኝ። ጩኸቱ ሲበዛ አፕል በሳምንቱ ማጥፊያ ገጽ አወጣ፣ የቡድኑ ዘፋኝ ቦኖም በጥቅምት ይቅርታ ጠየቀ። ያ እንግዲህ ሀብታም ሀገር፣ ዋይፋይ እንደ ውኃ በሚፈስበት ቦታ ነው። ቦስተን ያላችሁ ደግሞ በ2021 የሆነውን ታስታውሳላችሁ፤ የማሳቹሴትስ የኮቪድ ማሳወቂያ አፕ ሰዎች ሳያወርዱት አንድሮይድ ስልካቸው ላይ ተገኘ። ዓላማው ደግ ነበር፣ ካልከፈታችሁት አይሠራም ተብሎም ነበር። ቢሆንም ሰው ተቆጣ፣ ነገሩም ፍርድ ቤት ደረሰ። ደግ ዓላማ ያለው እንኳ ካላንኳኳ ያስቆጣል፤ የከረሜላ ጌምማ!

አሁን ወደ መድኃኒቱ። መጀመሪያ ግን አንድ ነገር እንለይ፣ ምክንያቱም እኚያ ታላቃችን ይህን ሲሰሙ ተናደው ሁሉንም ሊዘጉት ነበር። አፕዴትና አዲስ አፕ አንድ አይደሉም። የባንካችሁን፣ የዋትሳፕን፣ የስልኩንም ሲስተም ማደስ ቀዳዳ መድፈን ነው፤ እሱን አትዝጉት፣ በዋይፋይ ብቻ እንዲሆን አድርጉት። የምንዘጋው እኛ ያልጠራነውን አዲስ እንግዳ ነው።

አንድሮይድ የያዛችሁ፣ ሴቲንግ ውስጥ አፕስ የሚለውን ክፈቱ፤ የተደበቁት እንዲታዩ «ሾው ሲስተም አፕስ» የሚለውን አብሩ። ከዚያ የማታውቁትን ጌም ንኩና ገጹን ወደ ታች ጎትቱት፤ ብዙ ስልኮች ላይ ከየት እንደተጫነ ተጽፎ ታገኛላችሁ። ከፕሌይ ስቶር ካልሆነ ጥፋተኛው ተገኘ ማለት ነው። የአስገቢው ስም እንደ ስልኩና እንደ ኩባንያው ይለያያል፤ «አፕ ሴሌክተር»፣ «አፕ ክላውድ»፣ «ሞባይል ሰርቪስስ ማናጀር» የመሰሉ ምንም የማይናገሩ ስሞች ናቸው። አብዛኛውን ጊዜ ጨርሶ ማጥፋት አይቻልም፣ «ዲሴብል» ማድረግ ግን ይቻላል። «ዲሴብል» የሚለው ከደበዘዘባችሁ እዚያው ገጽ ላይ የሞባይል ዳታ የሚለውን ንኩና ከጀርባ ሆኖ ዳታ እንዳይጠቀም ከልክሉት። ጌሞቹን ብቻ ማጥፋት ዋጋ የለውም፤ እኔ ሁለት ሳምንት የደከምኩት ለዚህ ነው። ስልኩ ትልቅ አፕዴት ሲያደርግ ወይም ወደ ፋብሪካ ይዞታው ሲመለስ ይኸው አፕ ተመልሶ ሊበራ ስለሚችል ያን ጊዜ እንደገና እዩት። አዲስ ስልክ ስትከፍቱ ደግሞ «የሚመከሩ አፖች» እያለ ቀድሞ ምልክት ያደረገባቸውን ዝርዝር የሚያመጣ አለ፤ ቸኩላችሁ «ቀጥል» አትበሉ፣ ምልክቱን አንድ በአንድ አንሱት።

ፕሌይ ስቶር ውስጥ ደግሞ ፎቶአችሁን ንኩ፣ ሴቲንግ፣ ከዚያ ኔትወርክ ፕሪፈረንስስ። እዚያ ማውረዱንም አፕዴቱንም በዋይፋይ ብቻ ማድረግ ይቻላል። ከቴሌግራም የሚመጣውን ፋይል በተመለከተ፣ ሴቲንግ ውስጥ «ኢንስቶል አንኖውን አፕስ» የሚል አለ፤ ከአንድሮይድ 8 ጀምሮ፣ ማለትም ከ2017 ወዲህ፣ ለእያንዳንዱ አፕ ለየብቻ ነው የሚፈቀደው። ቴሌግራምም ዋትሳፕም ብሮውዘሩም ላይ ዝጉት። በእናታችሁ ስልክ ላይ በተለይ። እግረ መንገዳችሁን ቴሌግራም ውስጥ ቪዲዮ ራሱ እንዳያወርድ «ዳታ ኤንድ ስቶሬጅ» በሚለው ስር አጥፉት፤ ከጌሞቹ ቀጥሎ ዳታውን የሚጨርሰው እሱ ነው።

አይፎን የያዛችሁ አትኩራሩ። እውነት ነው፣ የስልክ ኩባንያው በእናንተ ስልክ ላይ የራሱን ዕቃ አስቀድሞ አይጭንም። ግን በአንድ የአፕል አካውንት ቤተሰቡን ሁሉ የምታስተዳድሩ ብዙ ናችሁ፤ ልጅ አይፓድ ላይ ያወረደው አባት ስልክ ላይ ይመጣል። አንድ ጓደኛዬ ለቅሶ ቤት ተቀምጦ፣ ሰዓት አያለሁ ሲል የልጁን ጌም ነክቶት፣ ያ የጭፈራ ሙዚቃ ድንኳኑን ሞላው። የሟች ወንድም እስካሁን በትክክል ሰላም አይለውም። ሴቲንግ፣ አፕ ስቶር (በአዲሶቹ ላይ መጀመሪያ አፕስ የሚለውን ነክታችሁ)፣ ከዚያ «አፕ ዳውንሎድስ» የሚለውን ዝጉት፤ ከሥሩ በሞባይል ዳታ ራሱ እንዲያወርድ የሚፈቅደውንም እንዲሁ። ለልጆች የየራሳቸውን አካውንት ክፈቱላቸውና ማውረድ ሲፈልጉ እናንተን እንዲያስፈቅዱ የሚያደርገውን አብሩ። አንድ ደቂቃ ነው የሚፈጀው።

ጀርመንና ስዊድን ያላችሁ፣ እናንተ ጋ ትንሽ ይሻላል። የአውሮፓ ኅብረት በ2022 ያወጣው የዲጂታል ገበያ ሕግ፣ ከመጋቢት 2024 ጀምሮ ትልልቆቹ ኩባንያዎች ቀድመው የጫኑትን አፕ ሰው በቀላሉ እንዲያጠፋ እንዲፈቅዱ ያስገድዳል። ጥሩ ነው። ለእኔ ግን አይበቃም። እኔ የምለው ከገባ በኋላ ማስወጣት እንዲቀልልኝ አይደለም፣ ከመግባቱ በፊት እንዲጠይቀኝ ነው። ማብሪያ ማጥፊያው ሲመረት ጀምሮ ጠፍቶ ይምጣ፤ የፈለገ ያብራው። አሁን በርቶ ነው የሚመጣው፣ ማጥፊያውም ኮሌጅ የሚማር ልጅ ካላሳየህ የማይገኝበት ቦታ ተቀምጧል። ስንት እናት ነው ኮሌጅ የሚማር ልጅ ታክሲ ተራ ላይ የምታገኘው?

ለመጪው በዓል ስልክ የምትልኩ ሰዎች እንዳላችሁ አውቃለሁ። ሻንጣ ውስጥ ከመግባቱ በፊት ሲሙን አውጡ፣ ስልኩን ወደ ፋብሪካ ይዞታው መልሱት፣ ከዚያ ያልኳችሁን ሁሉ ራሳችሁ ዘጋግታችሁ ላኩት። ጨርቅና ቫይታሚን መጠቅለል ላይ የምታጠፉትን ጊዜ ግማሹን ለዚህ ስጡት።

ለእህቴ ልጅ ደወልኩለት። «ያልከው ልክ ነበር፣ ራሱ ነው የሚያወርደው። ይቅርታ አድርግልኝ» አልኩት። ዝም አለ። እኔ ለ14 ዓመት ልጅ ይቅርታ ጠይቄ አላውቅም፣ አባቴም ጠይቆኝ አያውቅም፣ እንዴት እንደሚቀጥል ግራ ገባኝ። ቆይቶ «አጎቴ፣ አሁን ልንካው?» አለኝ።

ንካው አልኩት። የት የት እንደሚገባ በስልክ ልነግረው ጀመርኩ፤ ገና ሁለተኛው ላይ ስደርስ እሱ ጨርሶታል። ለካ ድሮም ያውቀው ነበር፤ እንዳይነካ ስለታዘዘ ነው እንጂ። ወዲያው ቪዲዮውን ከፈተው። እናቴ ነጠላዋን እያስተካከለች መጣች፣ ስልኩን በጣም አስጠግታ አየችኝና «ከሳህሳ!» አለች። ሰባት ኪሎ ጨምሬያለሁ።

ከፊቴ ያሉት መኪኖች እየተንቀሳቀሱ ነው። የስልካችሁን ዓይነት የጻፋችሁልኝ፣ ማታ ከሥራ ስወጣ የቱ ጋ እንደሚነካ ለእያንዳንዳችሁ እነግራችኋለሁ።